ዝምተኛውን ሰው ስለ መስማት

በፍርድ ቤት ጸሐፊነት ስናገለግል ብዙ ዘመን ሆኖናል። ሥራችን በችሎት የተነገረውን ቃል መጻፍ ነው፤ ያልተነገረውን ጻፉ ብሎ ያዘዘን የለም። ይህን ነገር እንድናስብበት ያደረገን ከልጆቻችን ጋራ ያየነው ድምፅ የሌለው የጃፓን ሲኒማ ነው።

የሲኒማው ስም «ኦሮቺ» ይባላል፤ ትርጓሜውም ታላቅ እባብ ማለት ነው። ፉታጋዋ ቡንታሮ አዘጋጅቶት በፈረንጆች አቈጣጠር በ1925 ዓመት ወጣ። አስቀድሞ «ወንበዴ» እንደ ማለት ያለ ስም ተሰጥቶት ነበረ፤ ነገር ግን የመንግሥት መርማሪዎች ስላልፈቀዱ ተለወጠ። ታሪኩ የጥንት ዘመን ነው፤ ባንዶ ጹማሳቡሮ የተጫወተው ሄይዛቡሮ የሚባል ዝቅተኛ ሳሙራይ ነው።

ይህ ሰው ልቡ ቅን ሲሆን፥ በግብዣ ላይ የትልቅ ሰው ልጅ ነክቶት ቢጣላ ጥፋቱ ሁሉ በርሱ ላይ ሆነ። የመምህሩን ሴት ልጅ ስም ካጐደፉት ጋራ ስለ ክብሯ ቢጋጭ ተባረረ። ከዚያ ወዲያ በሄደበት ሁሉ ክፉ ሰው ተባለ። በመጨረሻም ያችኑ ሴት ከነባልዋ ከግፈኛ እጅ አድኖ፥ ከብዙ ዘበኞች ጋራ ተዋግቶ ተያዘ። ታስሮ ሲሄድ ሕዝቡ ሰደበው፤ ያመሰገኑት ሁለቱ ብቻ ናቸው።

ትንሹ ልጃችን «አባባ፥ እውነቱን ስለ ምን አይነግራቸውም፧» ብሎ ጠየቀን። እኛም በዚያ ዘመን በጃፓን ቤንሺ የሚባል ሰው ከመጋረጃው አጠገብ ቆሞ ስለ ሁሉም ይናገር እንደ ነበረ፥ ከ1931 ወዲህ ግን የሚናገር ሲኒማ እየበዛ ሲሄድ ይህ ሥራ እየቀረ መሄዱን ነገርነው። «እንግዲያስ እርስዎ ይናገሩለት» አለን። ተነሥተን መናገር ጀመርን፤ ነገር ግን ከመካከሉ ቃል አጠረን።

ከብዙ ዓመት በፊት አንድ ባላገር ተከሶ በፊታችን ቆሞ ነበር። ከሳሹ አንደበተ ርቱዕ ነው። ባላገሩ «እግዜር ያውቃል» ብሎ ዝም አለ። እኛም «መልስ የለውም» ብለን ጻፍን፤ ተፈረደበትም። እጁ ሲንቀጠቀጥ አይተናል፤ አፉን ከፍቶ መልሶ ሲዘጋም አይተናል። ይህ ግን በመዝገቡ የለም።

ባለቤቱ ካልጮኸ ጎረቤት አይረዳም ይባላል። ነገር ግን መጮኽ የማይችል ባለቤት አለ። ስለዚህ ልጆቻችን ሲጣሉ፥ እያለቀሰ ቀድሞ የመጣውን ሰምተን ከመቅጣታችን በፊት፥ ጥግ ይዞ ዝም ያለውን እንጠይቅ ዘንድ ከእናታቸው ጋራ ተስማምተናል።