ከቁጢ እስከ ሁልበት፦ አንድ ረፋድ በጁገል

ከአዲስ አበባ ወደ ሐረር የሚሄድ ሰው አብዛኛውን ጊዜ የሚያስበው ጅቡን ነው። ከሰዓት በኋላ ከድሬዳዋ ይነሣል፣ ሲመሽ ከግንቡ ውጪ ጅብ ሲመገብ ያያል፣ ፎቶ ይነሣል፣ በማግሥቱ በማለዳ ይመለሳል። የዘመናት ታሪክ የተሸከመ ከተማ በአንድ ምሽት ትርኢት ሲለካ ያሳዝነኛል። ጁገል፣ በግንብ የታጠረው የሐረር ጥንታዊ ክፍል፣ የሚታወቀው በቀን ብርሃን፣ በእግር እየተሄደና እየተቀመሰ ነው።

ይህን ማስታወሻ የምጽፈው ተወልዳ ያደገችበትን ሰፈር የምታስጎበኝ አንዲት ወጣት ተከትዬ በግንቡ ውስጥ ስላሳለፍኩት ረፋድ ነው። ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ላይ ሸዋ በር ተገናኘን። ከእኔ ሌላ ከአዲስ አበባ የመጡ ባልና ሚስት፣ ቶሮንቶ ያደገች አንዲት የሐረሪ ልጅም ነበሩ። አስጎብኚያችን ስለ ግንቡ ከማውራቷ በፊት ጥያቄ ጠየቀችን። «ጦም የያዘ አለ? ሥጋስ ላይ እንዴት ናችሁ?» ዕለቱ ረቡዕ ነበርና ባልና ሚስቱ ይጦማሉ። ሥጋው ሁሉ የሙስሊም እርድ መሆኑንም ቀድማ በግልጽ ነገረችን። ሰውየው ትንሽ እንደ መሳቀቅ ሲል፣ «አይጨነቁ ጋሼ፣ እዚህ ሁሉም የሚቀምሰው አለው» አለችው። በአገራችን ማዕድ ላይ ጦምና እርድ ከባድ ነገር ነው፤ ይህን አስቀድሞ የማይጠይቅ አስጎብኚ እንግዳውን ገና አላወቀውም።

ቁርሳችን ፋጢራ ነበር። ሊጡ እስኪሳሳ ተዘርግቶ፣ ታጥፎ፣ በዘይት በጋለ ብረት ላይ ይጠበስና እንቁላል ይገባበታል፤ ማር የሚወድ ማር ያፈስበታል። ለጦመኞቹ ፉል በዘይት መጣላቸው። እየበላን ሳለ አስጎብኚያችን ከኋላችን ወዳለው ግንብ እያመለከተች ጀመረች። ግንቡን ያሠሩት አሚር ኑር ኢብን ሙጃሂድ ናቸው፣ በ16ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ። ኢማም አሕመድ ኢብራሂም ከሞቱ በኋላ ከተማይቱ ተዳክማ ነበር፤ በዙሪያዋ የኦሮሞ መስፋፋት እየበረታ ሄዶ ነበርና መከላከያ አስፈለጋት። የኢማሙ ባለቤት የነበሩት ባቲ ድል ወንበራም በኋላ አሚር ኑርን አግብተዋል። አራት ሜትር ያህል ከፍታ ያለው ግንብ አምስት በሮች አሉት። አማርኛ ተናጋሪው ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በር፣ ፈላና በር ይላቸዋል፤ ሐረሪዎች የራሳቸው ስሞች አሏቸው። ለመኪና የተከፈተው ሐረር በር የኋላ ዘመን ነው።

ከዚያ ወደ ውስጥ ገባን። የጁገልን ጠባብ መንገዶች በጽሑፍ መግለጽ ያስቸግራል። ግድግዳዎቹ ነጭ፣ ሰማያዊ፣ አረንጓዴ፣ ሮዝ ናቸው። መንገዱ ይታጠፋል፣ ይወርዳል፣ እንደገና ይታጠፋል። የዕርቅ ጎዳና ነው ብላ ያሳየችን አንዱ መተላለፊያ ሁለት ሰው ጎን ለጎን አያሳልፍም። የተጣሉ ሰዎች እዚህ ከተገናኙ ሳይነጋገሩ ማለፍ እንደማይችሉ ከአያቷ መስማቷን ነገረችን። ከተማይቱ በ1998 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ስትመዘገብ በውስጧ 82 መስጊዶችና ከ100 በላይ የቅዱሳን መቃብሮችና የጸሎት ቦታዎች እንዳሉ ተጽፏል። ስፋቷ ግማሽ ካሬ ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም። አንዳንዶቹ መስጊዶች ከአንድ ሳሎን ስለማይበልጡ፣ የሚያሳይ ሰው ከሌለ ሳያዩአቸው ይታለፋሉ።

የረፋዱ ልብ ግን አንድ ቤት ውስጥ ነበር። የቤቱ እመቤት ጠና ያሉ እናት ናቸው። «አሰላሙ ዓለይኩም» ብለን ጫማችንን አውልቀን ገባን። ባህላዊ የሐረሪ ቤት፣ ጌይ ጋር የሚሉት፣ ውስጡ ሁሉ መደብ ነው፤ ነደባ ይሉታል። ከፍ ያለው የቤቱ አባወራ ቦታ ነው፣ ዝቅ ያለው የልጆች፣ ከበሩ ኋላ ያለውም የራሱ ሥርዓት አለው። እንግዳ በዕድሜውና በክብሩ መጠን የት እንደሚቀመጥ ቤቱ ራሱ ይነግረዋል። በግድግዳው ላይ ስፌቶችና ሳህኖች በረድፍ ተሰቅለዋል። መደቡ ቀይ ነው፤ በ1879 ዓ.ም. ጨለንቆ ላይ የአሚር አብዱላሂ ጦር በንጉሥ ምኒልክ ጦር ሲሸነፍ የፈሰሰውን ደም ለማስታወስ እንደሆነ ብዙዎች ይናገራሉ። እመቤቲቱ ይህን ያሉት ድምፃቸውን ሳይለውጡ ነው። እኔ አዲስ አበባ ውስጥ የተማርኩት ታሪክ ጨለንቆን በአንድ ዐረፍተ ነገር ነበር የሚያልፈው። በዚያ መደብ ላይ ተቀምጦ መስማት ሌላ ነገር ነው።

ከዚያ ቁጢ ቀረበ። የቡና ቅጠል ነው፦ በምጣድ ይታመሳል፣ ይደቅቃል፣ በውሃ ይፈላል። መልኩ ቀላ ያለ ቡናማ ነው፣ ሽታው የደረቀ ሣርና የጭስ፣ ጣዕሙ ለስላሳ፤ ትንሽ ጨው ሲገባበት ይጣፍጣል። ቀጥሎ ሆጃ መጣ፣ የቡናውን ገለፈት አፍልተው ከወተት ጋር የሚያዘጋጁት። ጦመኞቹ ወተት ያልገባበት ተቀዳላቸው። ጣፋጭነት ነበረው፤ ከፍሬው ሥጋ የቀረ ጣፋጭነት ነው። ሐረርጌ ውስጥ ቡና እሸቱን ሳይፈለፈል ፀሐይ ላይ ተሰጥቶ ጀንፈል እስኪሆን ይደርቃልና፣ ሲቀሸር የሚወጣው ገለፈት ደረቅና ጣዕም ያለው ነው። እንደ ሌሎች አካባቢዎች ቡናው ቢታጠብ ኖሮ ገለፈቱን እንዲህ አናገኘውም ነበር።

እዚህ ላይ አስጎብኚያችን የተናገረችው አሁንም ከኅሊናዬ አልወጣም። እንግሊዛዊው ተጓዥ ሪቻርድ በርተን በጥር 1855 እ.ኤ.አ. ሐረር ገብቶ ለአሥር ቀናት ቆይቷል። ወደ ከተማይቱ በመግባት የመጀመሪያው አውሮፓዊ ተብሎ ይታወቃል። በጻፈው መጽሐፍም የቡናው ፍሬ ለውጭ ንግድ እንደሚቀመጥ፣ ሴቶቹ የገለፈቱን መጠጥ እንደሚጠጡ፣ ወንዶቹ ደግሞ ቅጠሉን ቆልተውና አድቅቀው እንደሚያፈሉ ዘግቧል። የእኛ ሲኒም ይህንኑ ይናገራል። ምርጡ ፍሬ በግመል ወደ ዘይላ ወርዶ ባሕር ሲሻገር፣ ለባለአገሩ የቀረው ቅጠልና ገለፈት ነበር፤ ከዚያም የሐረር እናቶች ጥሩ መጠጥ አወጡ። የንግድ ታሪክ ብዙ አንብቤያለሁ። ማን ፍሬውን ጠጣ፣ ማን ገለፈቱን ጠጣ የሚለው ጥያቄ ግን አፌ ውስጥ ሆኖ የተመለሰልኝ ያን ቀን ነው። «አሁን ደግሞ ቡናው እየተነቀለ ጫት እየተተከለ ነው» አሉ እመቤቲቱ። በሐረርጌ ገበሬ ዘንድ ይህ እየሆነ እንደሆነ እናውቃለን፤ ጫት በዓመት ደጋግሞ ገንዘብ ያመጣል፣ ቡና ግን አንዴ ነው። ገበሬውን አልወቅስም። ግን ቁጢና ሆጃ ከዚህ ቤት ቢጠፉ ከከተማይቱ ትዝታ አንድ ገጽ አብሮ ይጠፋል።

ከቤቱ ወጥተን መኪና ግርግር በሚባለው ወረድን፤ በሁለቱም ወገን ልብስ ሰፊዎች የተሰለፉበት መንገድ ነው፣ የስፌት መኪናው ድምፅ ከሩቅ ይሰማል። የራምቦ ቤት የሚባለውን በፍጥነት አየነው። ገጣሚው አርተር ራምቦ በ1880 እ.ኤ.አ. መጨረሻ በቡናና በቆዳ ነጋዴነት ሐረር ደርሷል፤ ቤቱ ግን የሕንድ ነጋዴ ያሠራው ነው። እኔን የሳበኝ የእንጨቱ ሥራ ነው፤ የሕንድ አናጺ እጅ ሰገነቱ ላይ ይታያል። የራስ ተፈሪ ቤት የሚባለውም እንዲሁ የሕንድ ነጋዴ ሥራ ሲሆን፣ ዛሬ የአብዱላሂ ሸሪፍ የእጅ ጽሑፎችና የቅርሳ ቅርስ ሙዚየም ነው። እዚያ አንድ ሰዓት ሙሉ መቆየት ያስፈልጋል። ከተማይቱ የራሷን ገንዘብ ትመታ እንደነበር የሚያሳዩ ሳንቲሞችን ያላየ ሰው ሐረር ራሷን የቻለች መንግሥት እንደነበረች በቀላሉ አይገባውም። ከ1875 እስከ 1885 እ.ኤ.አ. ግብፆች ይዘዋት ነበር፤ ከዚያ እስከ ጨለንቆ ድረስ አሚር አብዱላሂ ገዙ።

ጊዲር መጋላ ገበያ ስንደርስ ፀሐይዋ ጠንክራለች። ሥጋ ቤቶቹ እዚያ ናቸው፣ የግመል ሥጋም ይሸጣል። ከላይ ጭልፊቶች ያንዣብባሉ፤ አንድ ወጣት ቁራሽ ሥጋ ወደ ላይ ሲያነሣ ከእጁ ላይ ነጥቀው ሄዱ። የኦሮሞ ሴቶች ከገጠር ያመጡትን አትክልትና ማገዶ ዘርግተዋል። ሳምቡሳና ሙሸበክ ገዛን። ሙሸበክ ተጠምዝዞ ተጠብሶ በስኳር ውሃ የሚነከር ነው፤ በረመዳን ምሽት ገበያው በእርሱ ይሞላል።

ምሳችን ሁልበት ነበር። የተፈጨ አብሽ ምሬቱ እስኪወጣ በውሃ ይዘፈዘፋል፣ ነጭ አረፋ እስኪያወጣ ይመታል፣ ከሥጋው መረቅ ጋር በእንጀራ ይበላል። ለጦመኞቹ ያለ ሥጋ ቀረበ። የመንም ውስጥ አብሽ እንዲሁ ተመትቶ ከወጥ ላይ ይደረጋል፤ በዘይላ በኩል ቡና የወጣበት መንገድ ምግብም አመላልሷል። የቶሮንቶዋ ልጅ የመጀመሪያውን ጉርሻ ስትጎርስ ዝም አለች። «የአያቴ ነው» አለች ቆይታ።

በ1895 ዓ.ም. የባቡር ሐዲዱ ሐረር ያለችበትን ተራራ ትቶ ድሬዳዋ ላይ ሲያርፍ ንግዱም አብሮ ወርዷል። ሐረር በዚያ ብዙ አጥታለች። እኔ ግን ግንቡና መንገዶቹ እስከ ዛሬ የቆዩት በከፊል በዚህ ምክንያት ይመስለኛል።

ጅቡንም ማየት መልካም ነው፤ እርሱም የታሪኩ አካል ነው። በግንቡ ሥር ለጅብ ማለፊያ የተተዉ ቀዳዳዎች አሉ፤ በዓሹራ ዕለትም ቅቤ የገባበት ገንፎ ይቀርብለታል፣ ሽማግሌዎች አበላሉን አይተው የዓመቱን ዕጣ ያነባሉ። ይህን የሚያስረዳችሁ ግን ቀን ይዞአችሁ የዞረ የሰፈሩ ልጅ ነው።

ስለዚህ ሐረር የምትሄዱ ሁሉ ቢያንስ ሁለት ሌሊት እደሩ። ፈቃድ ያለው የአካባቢ አስጎብኚ ያዙ፣ ዋጋውን መንገድ ከመጀመራችሁ በፊት ተስማሙ፣ ለምትገቡበት ቤት እመቤትም የሚከፈል እንዳለ ጠይቃችሁ አረጋግጡ። ሰው ፎቶ ከማንሣታችሁ በፊት አስፈቅዱ። በረመዳን ከሄዳችሁ ጉብኝቱን ከአፍጥር በኋላ አድርጉት። ቁርስ ሳትበሉ ውጡ፤ ቁጢና ሆጃ የሚፈላበት ቤት እንዲያሳዩአችሁም ቀድማችሁ ንገሯቸው።