አትርሱኝ

ይህን ዘፈን መጀመሪያ ላይ የፈለገው ዘፋኝ አልነበረም። ጸሐፊዎቹ ኪት ፎርሲ የተባለ እንግሊዛዊ ድራመርና ፕሮዲዩሰር እና ስቲቭ ሺፍ የተባለ ጊታር ተጫዋች ናቸው። ፎርሲ ለፊልም ዘፈን መሥራት ብርቁ አልነበረም፤ «ፍላሽዳንስ» ለተባለው ፊልም ከጆርጂዮ ሞሮደርና ከአይሪን ካራ ጋር በሠራው ዘፈን ኦስካር ወስዷል። አዲሱ ዘፈን ግን የሚዘፍነው አጣ። ለብራያን ፌሪ ቀረበ፤ አልፈለገም። ለቢሊ አይዶል ቀረበ፤ እሱም አልፈለገም። (አይዶል እ.ኤ.አ. በ2001 ራሱ ዘፍኖታል። የገፋውን ትሪ መልሶ የሚስብ እንግዳ አይታችሁ ታውቃላችሁ?)

ቀጥሎ የተጠየቁት «ሲምፕል ማይንድስ» የተባሉ የግላስጎው ልጆች ነበሩ። እነሱም እምቢ አሉ። እኛ የራሳችንን ዘፈን ነው የምንጫወተው፣ ሰው የጻፈውን አንዘፍንም ነው ነገሩ። የካሴት ኩባንያቸው ወተወታቸው። የዘፋኙ የጂም ኬር ባለቤት ክሪሲ ሃይንድም ራሷ የታወቀች የሮክ ሙዚቀኛ ናትና ዝፈነው እያለች ገፋፋችው። በመጨረሻ ለንደን ውስጥ አንድ ስቱዲዮ ገብተው በጥቂት ሰዓታት ቀድተውት ወጡ። መጨረሻው ላይ ዜማው ሳያልቅ ግጥሙ አለቀ። ኬር ቦታውን እንዲሁ ቃል በሌለው ድምፅ እያንጎራጎረ ሞላው። ኋላ ግጥም ይገባበታል የተባለው ያ ማንጎራጎር እንዳለ ቀረ፤ ዛሬ ሕዝብ በአንድነት የሚዘፍነው እሱን ነው።

የዘፈኑ ስም «ዶንት ዩ ፎርጌት አባውት ሚ» ይባላል። የእንግሊዝኛው ልመና ለወንድም ለሴትም፣ ለአንድም ለብዙም ይሆናል። በአማርኛ ግን መምረጥ ግድ ነው፤ አትርሳኝ ነው ወይስ አትርሺኝ? የፍቅር ዘፈን ነው የሚል ከሁለቱ አንዱን ይይዛል። ፊልሙን ላየ ወላጅ ግን ሦስተኛው ነው የሚስማማው ባይ ነኝ፤ አትርሱኝ።

ፊልሙ «ዘ ብሬክፋስት ክለብ» ይባላል። ጽፎ ያዘጋጀው ጆን ሂዩዝ ሲሆን የወጣው በየካቲት 1977 (እ.ኤ.አ. 1985) ነው። አምስት የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ጥፋት አጥፍተው ቅዳሜን ከጠዋቱ 1 ሰዓት እስከ ቀኑ 10 ሰዓት ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ተቀጥተው እንዲውሉ ይደረጋል። ቅጣታቸው እኔ ማን ነኝ በሚል ድርሰት መጻፍ ነው። በቃ፣ ሌላ ታሪክ የለውም። የሚተኮስ፣ የሚፈነዳ ነገር የለም። ስድብ ግን አለበት፤ ዕፅ የሚያጨሱበት ትዕይንትም አለበት፤ ስለዚህ ከትንንሾቹ ጋር አትዩት።

እኛ ወላጆች ደጋግመን ማየት ያለብን የመጀመሪያዎቹን ደቂቃዎች ነው። ልጆቹ በየመኪናቸው እየመጡ ይወርዳሉ። የጎበዙ ልጅ እናት ሰዓቱን ለጥናት እንዲጠቀምበት አጥብቃ ታዝዘዋለች። የስፖርተኛው አባት የነጻ ትምህርት ዕድሉን እንዳያበላሽ ያስፈራራዋል። የሀብታሟን ልጅ አባቷ ያባብላታል። «ወንጀለኛ» የሚባለውን ያመጣው የለም፤ በእግሩ ነው የሚመጣው። አንዷ ልጅ ደግሞ ከኋላ ወንበር ወርዳ ወደ ፊተኛው መስኮት ጎንበስ ስትል መኪናው ጥሏት ይነዳል። አንድ ቃል አይነገርም።

ሲመሻሽ አምስቱም ሆዳቸውን ገልብጠው አሳይተዋል። አንዱ በአባቱ ሲጋር የተቃጠለ ክንዱን፤ ጎበዙ ደግሞ በእጅ ሥራ ክፍለ ጊዜ የሠራው መብራት አልበራ ብሎ በመውደቁ ራሱን ሊያጠፋ ማሰቡን። ያኔ ይኸው ጎበዝ አንድ ነገር ይጠይቃል፤ ሰኞ ስንገናኝ ጓደኛሞች ነን ወይ? ሀብታሟ ልጅ አይመስለኝም ትላለች፤ ሰው ምን ይለናል? እንግዲህ ዘፈኑ ለዚህ ጥያቄ ነው የተሠራው። ልጆቹ ከትምህርት ቤቱ ሲወጡ ይጀምራል፤ መሐል ላይ ዝቅ ብሎ ሊጠፋ ይደርስና የሜል ጌይነር ከበሮ መልሶ ያነሳዋል። ሂዩዝ ሰኞን አላሳየንም። ጥሩ አደረገ እላለሁ።

እኛ ቤት ሦስት ነበርን። እኔ «ጎበዟ»፣ ታናሽ እህቴ «ምስኪኗ»፣ ታላቅ ወንድማችን ደግሞ «ረባሹ»። ስሙ የወጣልን ገና ፊደል ሳንቆጥር ነው። ወንድሜ ዘጠኝ ዓመቱ ላይ የአባታችንን ሬዲዮ ፈታታው። የሚያወራው ሰውዬ የት እንዳለ ለማየት ነበር። መልሶ ገጠመው፤ ሁለት ብሎን ተረፈው፤ ሬዲዮው ግን ሠራ። ሰፈራችን እስከ ዛሬ የሚያወራው መፍታቱን ነው። መሥራቱን የሚያነሳ የለም።

በ1976፣ የብሔራዊ ውትድርናው ወሬ በየቀበሌው ሲበረታ፣ ወንድሜ 16 ዓመቱ ነበር። አንድ ሌሊት ወጥቶ በዚያው ቀረ። ሱዳን መግባቱን የሰማነው ከብዙ ወራት በኋላ ነው። አባታችን ያን ዕለት ጠዋት ባዶውን አልጋ አይተው «ድሮስ ረባሽ!» አሉ። እማዬ ምንም አላለችም።

ተከታዩ ዓመት እኛ ሰባ ሰባት የምንለው ነው። የቢቢሲው ማይክል ቡርክና የካሜራ ባለሙያው መሐመድ አሚን ከኮረም የላኩት ዘገባ ዓለምን አስለቀሰ። ቦብ ጌልዶፍና ሚጅ ዩር ሙዚቀኞችን አሰባሰቡ፤ ሐምሌ 6 ቀን 1977 ለንደንና ፊላደልፊያ ላይ በአንድ ቀን «ላይቭ ኤይድ» የተባለው ኮንሰርት ተካሄደ። የእኛ ዘፈን በግንቦት በአሜሪካ የቢልቦርድ ሰንጠረዥ አንደኛ ወጥቶ ነበርና ሲምፕል ማይንድስም ፊላደልፊያ ላይ ተጋበዙ። ክሪሲ ሃይንድም በዚያው ቀን በዚያው መድረክ ከራሷ ባንድ ጋር ተጫውታለች። በጆን ኤፍ ኬኔዲ ስታዲየም፣ በጠራራ ፀሐይ፣ «አትርሱኝ» የሚለው ዘፈን ለተራቡት ወገኖቼ ተዘፈነ። በኮረም መጠለያ የነበሩት አልሰሙትም።

ያ ርዳታ ነፍስ አድኗል። ይህን አልክድም፤ የሚክድም አልወድም። ነገር ግን በዚያው ቀን የሆነ ሌላም ነገር አለ። አምስቱ ልጆች እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ስም ተለጥፎባቸው እንደነበረው፣ እኛም ላይ አንድ ስም ተለጠፈ። ከዚያ በኋላ የአገራችን ስም ሲጠራ የብዙ ሰው ዓይን የሚያየው አንድ ሥዕል ብቻ ሆነ። በስም እንዳትለዩኝ ብሎ የሚለምን ዘፈን ስም በተለጠፈብን መድረክ ላይ መዘፈኑ እስከ ዛሬ ይገርመኛል።

ወንድሜ በስደተኝነት ቨርጂኒያ የገባው ኮንሰርቱ ካለፈ ጥቂት ሳምንታት በኋላ ነው። ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አስገቡት። ከየት እንደመጣ የሰሙት ልጆች ገና አልሞትክም እንዴ ብለው ይስቁበት ነበር። ይህ ብዙም አልጎዳኝም ይላል። የከበደው ሌላ ነው። አንድ ልጅ በየቀኑ ምሳውን ለሁለት ከፍሎ ግማሹን ያስቀምጥለት ነበር። «ልጁ ደግ ነበር» አለኝ አንድ ጊዜ በስልክ። «ለዚህ ነው የከበደኝ። ተሳዳቢ ቢሆን መልስ አለኝ። እሱ ግን ሦስት ወር ሙሉ ምሳ ሰጥቶኝ ስሜን አልጠየቀኝም።» ዘፈኑን በትምህርት ቤቱ አውቶቡስ ሬዲዮ ነው የሰማው። ፊልሙን ከዓመት በኋላ በቪዲዮ ሲያይ ደግሞ ያን አልበራ ያለ መብራት አይቶ በሳቅ ሞተ፤ «እኔን ቢጠሩኝ እሠራለት ነበር» ይላል። ይሠራለት ነበር። ዛሬ ማሞቂያና ማቀዝቀዣ ጠጋኝ ነው፤ የእናታችንን መድኃኒት ለዓመታት የገዛው እሱ ነው።

ሲምፕል ማይንድስ በዚያው ዓመት መጨረሻ ባወጡት አልበም ውስጥ ዘፈኑን አላስገቡትም፤ የእኛ አይደለም ብለው ሳይሆን አይቀርም። ነገር ግን አሜሪካ ውስጥ አንደኛ የወጣላቸው ዘፈን ይኸው ብቻ ነው፤ በየኮንሰርታቸውም ሕዝቡ ሳይዘፍነው አይሄድም። ያ ቃል የሌለው መጨረሻ ቋንቋ አይጠይቅማ። ሂዩዝ እ.ኤ.አ. በ2009 በ59 ዓመቱ አረፈ። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2016 በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገባ። ልጄ ዘፈኑን ያወቀችው ግን ከዚያ ሳይሆን «ፒች ፐርፌክት» ከሚባለው የወጣቶች ፊልም ነው፤ መነሻውን ማየት አለብን ብላ ያስቸገረችን እሷ ናት።

ባለፈው ጥር ወንድሜ ሊጠይቀን መጥቶ ስለነበር እማዬ ቤት ተሰብስበን አየነው። እማዬ 86 ዓመቷ ነው፤ እንግሊዝኛ አትሰማም። ነጠላዋን ተከናንባ ወንበሯ ላይ ተቀምጣ ነበርና የተኛች መስሎን ድምፁን ቀነስን። መኪናው ልጅቷን ጥሏት ሲሄድ ቀና አለች።

«ልጅቷ እኮ ልትሰናበታቸው ጎንበስ ብላ ነበር» አለች። «ዞር ብለው እንኳ አላዩአትም።»

ወንድሜ ሳቀ። «እማዬ፣ እንግሊዝኛ ሳትሰሚ ገባሽ?»

«ለዚህ ምን እንግሊዝኛ ያስፈልገዋል?» ጥቂት ዝም ብላ ቆየች። «አንተስ መቼ ተሰናበትከኝ?»

ልጄ ፊልሙን አቆመችው። ወንድሜ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ።

«ተሰናብቼሻለሁ እማዬ። ተኝተሽ ነበር። በሩ ጋ ቆሜ አይቼሽ ነው የሄድኩት።»

«አልተኛሁም ነበር» አለች። «ብነሳ ትቀር ነበር። ብትቀር ይወስዱህ ነበር።»

ማናችንም አልተነፈስንም። እማዬ ነጠላዋን አስተካክላ ወደ ልጄ ዞረች።

«ክፈቺው እንጂ አንቺ ልጅ። ያቺ ልጅ ምን እንደምትሆን ልይ።»