የጎረቤቴ ሳህን

ውሸት ሁልጊዜ በአፍ አይነገርም። እኔ አራት ዓመት ሙሉ በሁለት እጄ ዋሽቻለሁ።

የምኖረው በአሜሪካ ደቡብ፣ በጆርጂያ፣ ከአትላንታ ወጣ ብላ በምትገኘው ክላርክስተን በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። ከብዙ አገር የተሰደደ ሰው የሰፈረባት ከተማ ናትና በአንድ ደረጃ ላይ የአራት አገር ወጥ ይሸትታል። ከእኔ በር ፊት ለፊት የሚኖሩት ሴት ግን ስደተኛ አይደሉም። ከደቡብ ካሮላይና ደሴቶች የመጡ፣ ሰማንያን የተሻገሩ ጥቁር አሜሪካዊት ናቸው። ገና ስንተዋወቅ «እማማ» አልኋቸው። ትርጉሙን ሳይጠይቁ ተቀበሉት፤ በእሳቸውም አገር እናት የሚጠራበት ቃል ከዚህ ብዙ አይርቅምና።

እማማ በየዓመቱ፣ ፈረንጆች አዲስ ዓመት በሚሉት በጃንዋሪ 1 ቀን ረፋድ ላይ፣ በሬን ያንኳኳሉ። በእጃቸው በፎይል የተሸፈነ ሳህን ይይዛሉ። «ዓመቱን ሙሉ እንዳይጎድልብሽ፣ ልጄ» ይሉኛል። እኔም ጎንበስ ብዬ በሁለት እጄ እቀበላለሁ፤ አመሰግናለሁ፤ በሩን እዘጋለሁ። ከዚያም ያለውን ሁሉ ቆሻሻ መጣያ ውስጥ እደፋለሁ። ሳህኑን አጥቤ በማግስቱ ስመልስ «እንዴት ነበር?» ይሉኛል። «እጅ ያስቆረጥማል» እላለሁ።

ሳህኑ ላይ ያለው በአሳማ ሥጋ የበሰለ አተርና ሩዝ ነው። ቀኑ ደግሞ በእኛ አቆጣጠር ታኅሣሥ 23 ገደማ፣ ኅዳር 15 የገባው የገና ጾም ሊፈታ ጥቂት ቀን ሲቀረው ነው። «አልበላም» ማለት ይቻል ነበር። ነገር ግን ባደግሁበት ቤት ጎረቤት ያመጣውን መመለስ ፊትን እንደ መምታት ይቆጠራል። ስለዚህ ፊታቸውን ላለመምታት ስል ከጀርባቸው ደፋሁት። እህል መድፋት ነውር መሆኑንም አላጣሁትም፤ የመጣያውን ክዳን በዘጋሁ ቁጥር እናቴ ከኋላዬ የቆመች ይመስለኝ ነበር።

በአምስተኛው ዓመት እማማ ወድቀው የቀኝ እጃቸው ተሰበረ። በዓሉ ሊገባ ሲል ማታ ላይ ጠሩኝና «ነገ እጅ ትሆኚኛለሽ» አሉኝ። ይህ እምቢ የሚባል ነገር አልነበረም።

ጠዋት ስገባ አተሩ ሌሊቱን ውኃ ውስጥ አድሮ አብጦ ነበር። ነጣ ያለ ነው፤ ከቅርፊቱ ጋር ተያይዞ በነበረበት በኩል ጥቁር ነጥብ አለው። በእፍኝ ይዘው ሲያዩት ብዙ ትንንሽ ዓይኖች መልሰው የሚያዩ ይመስላል። ስሙም ከዚሁ የመጣ ነው፤ ባለ ጥቁር ዓይን አተር ይሉታል። አተር ይባል እንጂ ለአደንጓሬ የቀረበ ዘመድ ነው። ከሩዝ ጋር ሲበስል ምግቡ «ሆፒን ጆን» ይባላል። ለዚህ ስም አመጣጥ ብዙ ወሬ አለ፤ አንዱም አልጸናም።

«በይ፣ ከማቀዝቀዣው ሥጋውን አውጪልኝ» አሉ እማማ።

አወጣሁት። በጭስ የደረቀ የአሳማ ቁርጭምጭሚት ነው። ከድስቱ አፍ ላይ ስደርስ እጄ ቆመ።

«ምን ሆንሽ፣ ልጄ?»

«እማማ፣ እኔ ይህን አልበላም። ሃይማኖቴም አይፈቅድም፤ ወቅቱም ጾም ነው።»

«ዛሬ ነው ጾሙ?»

«ሁልጊዜም በዚህ ቀን ጾም ነው። ከዚህ በፊት ያመጡልኝንም አልበላሁም።»

በልባቸው ሲቆጥሩ አየኋቸው። «አራቱንም?» አሉ።

«አራቱንም።»

ዝም አሉ። የሳሎኑ ሰዓት ሲመታ ይሰማኝ ነበር። ከዚያም በደህና እጃቸው ወደ ማቀዝቀዣው አመለከቱ፤ «መልሰሽ አስገቢው።»

«እማማ፣ የእርስዎ በዓል እኮ ነው፤ በእኔ ምክንያት...»

«አስገቢው አልሁሽ። የሚዋሸኝ ጎረቤት ከሚኖረኝ ያለ ሥጋ አተር ብበላ ይሻለኛል።»

አስገባሁት። ሽንኩርት፣ ሰለሪና የፈረንጅ ቃሪያ ከትፌ በዘይት አቁላላሁ፤ ነጭ ሽንኩርትና ጦስኝ ጨመርሁ። ጭሱን በምን እንደምንተካው ስናስብ ከመደርደሪያው ጥግ በጭስ የደረቀ የቀይ ቃሪያ ዱቄት ተገኘ። እኔ ከቤቴ በርበሬ ላምጣ ብል ተቆጡ፤ «የእናንተን በርበሬ ለእናንተ ወጥ አድርጊው። ይህ አተር የራሱ ወሬ አለው፤ አፉን አትዝጊበት።» አተሩን ከነቁሌቱ በብዙ ውኃ ጣድሁት። ሳይፈርስ እስኪለሰልስ ድረስ ቀስ ብሎ መንተክተክ አለበት። ሩዙ የሚገባው ከዚያ በኋላ ነው። የሩዙ ውኃም ከቧንቧ አይቀዳም፤ አተሩ የተቀቀለበት ራሱ ነው፤ ለአንድ ኩባያ ሩዝ ሁለት ኩባያ። ክዳኑ አንዴ ከተገጠመ ሃያ ደቂቃ አይነካም፤ ከእሳት ወርዶም ዐሥር ደቂቃ ያርፋል።

በዚያ ሁሉ ጊዜ እማማ ወንበራቸው ላይ ሆነው አወሩኝ። ከፊሉን ከእሳቸው ሰማሁ፤ ከፊሉን በኋላ አንብቤ ሞላሁት።

አተሩ አፍሪካዊ ነው። ከዱር ወጥቶ የገበሬ እህል የሆነው በአፍሪካ ነው፤ አትላንቲክን የተሻገረውም በባሪያ ንግድ ዘመን ነው። የደቡብ ካሮላይና ረግረግ የሩዝ እርሻ የሆነውም በባርነት ከምዕራብ አፍሪካ በመጡ ሰዎች ጉልበት ነው፤ ከእነርሱም ብዙዎቹ ሩዝ ከሚዘራበት አገር የመጡ ነበሩና እውቀቱም አብሯቸው መጣ። ዛሬም ሴኔጋል ላይ ሩዝና ይኸው አተር በአንድ ድስት ይበስላሉ፤ ጋና ላይ «ዋቼ» ይሉታል። እንግዲህ የእማማ ድስት የተወለደው አሜሪካ ይሁን እንጂ ሥሩ ከባሕር ማዶ ነው።

በ1847 በቻርልስተን ከተማ ሣራ ራትሌጅ የተባለች እመቤት «የካሮላይና ባለቤት» ሊባል የሚችል የምግብ አሠራር መጽሐፍ አሳተመች። አባቷ ኤድዋርድ ራትሌጅ በአሜሪካ የነጻነት መግለጫ ላይ ከፈረሙት አንዱ ነበር። ሆፒን ጆን በዚያ መጽሐፍ ውስጥ አለ፤ አተሩ ይህን ያህል፣ ሩዙም ያንኑ ያህል፣ የአሳማው ሥጋ አንድ ፓውንድ ተብሎ ተመዝኖ ተጽፏል። ድስቱን ይጥዱ የነበሩት ሴቶች ስም ግን የለም። መጽሐፉ ልኬታቸውን ወስዶ ስማቸውን ትቶታል።

«ሰዉ አተሩ ሳንቲም ነው፣ ጎመኑ የወረቀት ገንዘብ ነው፣ የበቆሎው ዳቦ ወርቅ ነው ይላል» አሉ እማማ። «ይሁን፤ ሀብትን የሚጠላ የለም። የእኔ አያት ግን ሳንቲም ብላ አታውቅም። ይህ ቀን የሚያስለቅስ ቀን ነበር ነው የምትለው።»

ነገሩ እንዲህ ነው። በባርነት ዘመን ጃንዋሪ 1 በደቡቡ አገር ባሪያ የሚከራይበት ቀን ነበር። ጌታው ዕዳውን ለመክፈል ወይም ትርፍ ለማግኘት ሰዉን ለሌላ ጌታ ያከራያል፤ ይሸጣልም። ከሰሜን ካሮላይና ባርነት ያመለጠችው ሃሪየት ጄከብስ በ1861 ባሳተመችው የሕይወት ታሪኳ ለዚህ ቀን አንድ ምዕራፍ ሰጥታዋለች፤ በዋዜማው እናት ልጆቿን ከብባ ማን ይወሰድብኝ ይሆን እያለች እንዴት እንደምታነጋ ይነግረናል። ከሁለት ዓመት በኋላ በዚያው ቀን፣ ጃንዋሪ 1 ቀን 1863፣ የሊንከን የነጻነት አዋጅ ጸና። በዋዜማው ሌሊት ሰዉ በጸሎት ተሰብስቦ ንጋቱን ጠበቀ። እማማ በተወለዱበት በቢውፈርት አካባቢም አዋጁ በዕለቱ በዛፎች ጥላ ሥር ለሺዎች ተነበበ። እናት ልጇን የምትነጠቅበት ቀን ነጻ የምትባልበት ቀን ሆነ። እማማ በዚህ ቀን አተርና ሩዝ ሲበሉ የሚያስቡት ሁለቱንም ነው።

ይህን ሲነግሩኝ እኔም ዝም ማለት አልሆነልኝም። «እኛም እንዲህ ያለ ምግብ አለን» አልሁ። ጉልባንን ነገርኋቸው። በሰሙነ ሕማማት፣ በጸሎተ ሐሙስ ቀን፣ የባቄላ ክክና ስንዴ አንድ ላይ ይቀቀላል። አባቶች እንደሚያስተምሩን እስራኤላውያን ከግብፅ ባርነት ሲወጡ በጥድፊያ ንፍሮ ቀቅለው ያልቦካ ቂጣ ጋግረው መብላታቸው የሚታሰብበት ነው። ጥራጥሬና እህል በአንድ ድስት፤ ከባርነት የመውጣት መታሰቢያ። በአንድ ጊዜ የእኔና የእሳቸው ድስት አንድ መሰለኝ። ደስ አለኝ፤ እውነቱን ለመናገር ኮራሁም።

እማማ ራሳቸውን ነቅንቀው አዳመጡኝ። ከዚያም ባለሙያ ሴት እንደምትጠይቀው አድርገው «በእናንተ ቤት ማን ነበር የሚሠራው?» አሉኝ።

«እናቴ» አልሁ። «እናቴን አያቴ አስተማረቻት።»

«አያትሽንስ?»

እዚህ ላይ ድምፄ ጠፋ። መልሱን አውቀዋለሁና። አያቴ በልጅነቷ በእናቷ ቤት ይቀቀል የነበረውን ጉልባን ስታነሣ ዓይኗ ይበራ ነበር። «እንደ እሷ የሚቀቅል የለም፤ ክኩ አይፈርስ፣ ስንዴው አይደርቅ» ትል ነበር። «እሷ» የምትላት ከሩቅ አገር በልጅነቷ ተሸጣ የመጣች ሴት ነበረች። በአገራችን ባርነትን በሕግ የሻረው አዋጅ የወጣው በ1934 ዓ.ም. ነው፤ አያቴ የምትነግረኝ ከዚያ በፊት የነበረውን ነው። ይህን ወሬ መቶ ጊዜ ሰምቼዋለሁ፤ ምግቡን ብቻ ነበር የምሰማው። አንዲት የተገዛች ሴት፣ ለገዟት ሰዎች፣ ከባርነት የመውጣትን መታሰቢያ ትቀቅል እንደነበር እዚያ ወጥ ቤት ውስጥ እስክጠየቅ ድረስ አላሰብሁትም።

ለእማማ ነገርኋቸው። እንደ አተሩ ሳህን ይህንንም መድፋት ይቻል ነበር፤ ግን በዚያ ቀን ሁለተኛ ውሸት አልሆነልኝም።

«ስሟ ማን ነበር?» አሉ።

«አላውቅም።»

አልወቀሱኝም፤ አላጽናኑኝምም። «ድስቱን እይው» ብቻ አሉኝ። ድስቱ ደርሶ ነበር። ሰዓቱ ግን ገና ስድስት ተኩል ነው፤ እስከ ዘጠኝ ሰዓት እንደምጾም ነገርኋቸው፤ እሳቸው ይብሉ ብዬም ለመንሁ። ሰማንያ ዓመት ያለፋቸው፣ እጃቸው የታሰረ ሴት፣ በገዛ በዓላቸው ቀን፣ ድስቱን ከድነው እስከ ዘጠኝ ሰዓት ከእኔ ጋር ጠበቁ። ከዚያ አብረን በላን። ሩዙ ተለያይቶ፣ የአተሩን ቀለም ስቦ፣ ዓይኖቹ በመካከሉ ተበትነው ነበር። ጣዕሙን በአራት ዓመት ውሸቴ «እጅ ያስቆረጥማል» ብዬ ነበር፤ እውነትም ያስቆረጥማል።

በማግስቱ ለእናቴ ደወልሁ። «ጉልባን ትቀቅል የነበረችው ሴት ስሟ ማን ነበር?» ስላት «አንቺ ደግሞ፣ በገና ጾም ስለ ጉልባን ትጠይቂያለሽ?» አለችኝ። ከዚያ ዝም አለች። ዘመድ ጠይቃ ከሳምንት በኋላ መልሳ ደወለች። ቤት ውስጥ ትጠራበት የነበረው ስም ጌቶቿ ያወጡላት ነበር፤ እሱን ነገረችኝ። እናቷ ያወጣችላትን የሚያውቅ ግን የለም። ጌቶቿ ያወጡላትን እዚህ መጻፍ አልፈለግሁም።

በዚያው ዓመት ጸሎተ ሐሙስ ጉልባን ቀቀልሁ። በሳህን አድርጌ፣ በፎይል ሸፍኜ፣ የእማማን በር አንኳኳሁ። በዚህ ጊዜ ሳህኑን ሰጥቼ አልተመለስሁም፤ ገብቼ ተቀመጥሁ። እጃቸው ድኖ ነበርና ማንኪያውን ራሳቸው ያዙ። ቀመሱ፤ ደገሙ።

«ማን አስተማረሽ?» አሉ፤ መልሱን እያወቁ።

«እናቴ። እናቴን አያቴ። አያቴን ደግሞ ስሟን ያልጠየቅናት ሴት።»

እማማ ማንኪያውን አስቀመጡ።

«እንግዲያው ለእሷም ሳህን አውጪላት» አሉኝ።

ተነሥቼ ሦስተኛ ሳህን አወጣሁ።