ምንም ያልሆነበት ቀን

ያደግኩት የካ፣ ኮሪያ ሰፈር ነው፤ እንጦጦ ግርጌ። ሰፈራችን ስሙን ያገኘው የቃኘው ሻለቃ ዘማቾች ከኮሪያ ተመልሰው ስለሰፈሩበት ነው። የመጀመሪያው ሻለቃ በሚያዝያ 1943 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ተነሥቶ፣ ከጅቡቲ በመርከብ ፑሳን ገባ። ከ120 በላይ ወታደሮቻችን በዚያ ጦርነት ወደቁ፤ አንድም ግን አልተማረከም። ይህን እኛ የሰፈሩ ልጆች ከመጽሐፍ አላነበብነውም። በበዓል ቀን ሜዳሊያቸውን ደርድረው ከሚወጡት አባቶች አፍ ነው የሰማነው። ስለዚህ ለኔ ለዓለም ሰላም መዝመት ማለት ተኩስ፣ ቁስልና ሜዳሊያ ነበር።

ከዓመታት በፊት አንድ የቀድሞ ተማሪዬ ከአብዬ ግዳጁን ጨርሶ ሊጠይቀኝ ቤት መጣ። ገና ሳይቀመጥ፣ እየሳቅኩ "እህ፣ ስንት ዶላር ይዘህ መጣህ?" አልኩት።

ፈገግ አለ። "ቲቸር፣ እርስዎም?" አለኝ።

አፈርኩ። ሻይ ጠጣንና ወደ እንጦጦ በሚያወጣው አቀበት በእግር ወጣን። እንጨት የተሸከሙ እናቶችን እያሳለፍን፣ ባሕር ዛፉ ሥር አረፍ አልን። እዛ ነው የነገረኝ።

አብዬን ሱዳንም ደቡብ ሱዳንም የኔ ናት ይላሉ። ደቡብ ሱዳን ነፃነቷን ልታውጅ ሁለት ሳምንት ገደማ ሲቀራት፣ ሰኔ 20 ቀን 2003 ዓ.ም.፣ የፀጥታው ምክር ቤት ሰላም አስከባሪ እንዲገባ ወሰነ። በአብዬ የተነሣው ጠብ ተዛምቶ ሁለቱን ወገኖች መልሶ ጦርነት ውስጥ እንዳይከት ነው። መጀመሪያ ላይ ከገባው ኃይል ከሞላ ጎደል ሁሉም የኛ ልጆች ነበሩ። ወር ከምናምን ሳይሞላቸው አራቱን ፈንጂ ገደላቸው።

"በበጋ ሚሴሪያዎቹ ከሰሜን ከብታቸውን ነድተው ወደ ወንዙ ይወርዳሉ" አለኝ። "እዛ ያሉት ንጎክ ዲንካዎች ናቸው። አንድ ቀን ከብት ተዘርፏል ተባለና ወጣቶቹ መሣሪያ ይዘው ወጡ። እኛ መኪናችንን መሀል አቁመን ቆምን። ሽማግሌዎቹ በአስተርጓሚ ሲነጋገሩ ዋሉ። ፀሐዩ አይነገርም። ማታ ላይ ከብቱ በሌላ መንገድ አለፈ።"

"ከዛስ?" አልኩት።

"ከዛማ ምንም። ምንም አልሆነም። ሪፖርቱም ሁለት መስመር ነው።"

ያን ሌሊት እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ምንም ያልሆነበትን ቀን ማን ያወራዋል? ተኩሶ የመጣ ታሪክ አለው። እንዳይተኮስ ቆሞ የዋለ ግን ምን ብሎ ያውራ? ያልሞተ ሰው አይቆጠርም፤ ሐውልትም አይቆምለት።

ደግሞ እኛም በተራችን መሀላችን ተቆሞልናል። ከኤርትራ ጋር ከተደረገው ጦርነት በኋላ ከ1992 እስከ 2000 ዓ.ም. ሕንዶች፣ ዮርዳኖሶችና ኬንያውያን በሁለቱ ጦሮች መሀል 25 ኪሎ ሜትር ስፋት ባለው ቀጠና ቆመው ነበር። አንዱ ኬንያዊ ናይሮቢ ሲመለስ መምህሩ ምን ብሎ ጠይቆት ይሆን?

ሰላም አስከባሪ ሰላም ያመጣል እያልኩ አይደለም። እነዚያ ወታደሮች ሲወጡ የኛና የኤርትራ የድንበር ጉዳይ እንደተንጠለጠለ ነበር። አብዬም ዕጣዋ ሳይወሰን የኛ ልጆች በ2014 ዓ.ም. ቦታውን ለሌሎች ሀገራት ወታደሮች አስረክበው ወጡ። መሀል የሚቆም ወታደር ለሽማግሌ ፋታ ይሰጣል እንጂ እርቁን አያወርድም። ፋታውን ካልተጠቀሙበት ጥፋቱ የወታደሩ አይደለም።

ወዳጆቼ፣ በየሰፈራችሁ ከግዳጅ የተመለሰ ልጅ ካለ ስለ ዶላሩ ተዉትና ስለ ቀኖቹ ጠይቁት። "ምንም አልሆነም" ካላችሁ፣ ቁጭ ብላችሁ አስጨርሱት።

አንተም ልጄ፣ ይህን ካነበብከው፣ እንኳን በሰላም መጣህ። ያን ቀን በሩ ላይ ማለት የነበረብኝ ይህንን ነበር።