የራስ መኮንን ፈረስ ኮሪያ ሲዘምት

ያገራችን መኳንንት ስም አይበቃቸውም ነበር። የክርስትና ስም አላቸው፣ ማዕረግ አላቸው፣ በዚያ ላይ የፈረስ ስም ይጨምራሉ፤ ፎካሪ ሲፎክር የሚጠራው ታዲያ ይሄኛውን ነው። ቴዎድሮስ አባ ታጠቅ፣ ዮሐንስ አባ በዝብዝ፣ ምኒልክ አባ ዳኘው። በ1888 አድዋ የዘመቱት የሐረሩ ገዥ ራስ መኮንን ደግሞ አባ ቃኘው ነበሩ። የሌሎቹ ፈረሶች ከጌቶቻቸው ጋር አረፉ። ቃኘው ግን ባሕር ተሻገረ።

ሰኔ 1942 ኮሪያ ላይ ጦርነት ፈነዳ፤ የተባበሩት መንግሥታት አባሎቹን እርዱ አለ። የራስ መኮንን ልጅ፣ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ፣ ጥሪውን ሲሰሙ ጄኔቭ ትዝ ሳትላቸው አልቀረችም። ሰኔ 1928 እዚያ ቆመው ጣልያን ወረረን ብለው አቤት ቢሉ ማንም አልደረሰላቸውም። ለእኛ ያልተደረገውን ለሌላው እናድርግ ማለታቸውን ብዙ ሰው ጽድቅ ይለዋል። እኔ ትንሽ ነገረኝነትም ይታየኛል፦ «እርዳታ እንዲህ ነው!» ብሎ በተግባር ማሳፈር።

ከክቡር ዘበኛ አንድ ሻለቃ ጦር ተመረጠ። ስሙ ከንጉሡ አባት ጋጣ ወጣለት። ሚያዝያ 1943 በሌተና ኮሎኔል ተሾመ እርገቱ እየተመራ ከጅቡቲ በመርከብ ተነሣና ሦስት ሳምንት ያህል ባሕር ላይ ሰንብቶ ፑሳን ወረደ። እዚያም ከአሜሪካ 7ኛ እግረኛ ክፍለ ጦር ጋር ተሰለፈ። ሁለተኛውና ሦስተኛው ቃኘው በተራቸው ተተኩ። በ1945 የመጨረሻው ከባድ ውጊያ ፖርክ ቾፕ በሚሉት ኮረብታ ዙሪያ ነበር፤ አሳማ በአፉ የማይዞር ሠራዊት የአሳማ ሥጋ ስም በወጣለት ተራራ ሥር ሌሊቱን ሲቃኝ አደረ። አሜሪካዊው የጦር ታሪክ ጸሐፊ ማርሻል በመጽሐፉ ይህን የሌሊት ቅኝት እየተደነቀ ጽፎታል። በጠቅላላው ከ120 በላይ ወደቁ። ሐምሌ 1945 ተኩስ ቆሞ ምርኮኛ ሲለዋወጡ ግን ከቃኘው የተማረከ አንድም ሰው አልተገኘም።

አሜሪካኖችም ስሙን ወደዱት መሰለኝ፣ አስመራ ላይ ያቆሙትን የሬዲዮ መጥለፊያ ጣቢያ ቃኘው አሉት። ጣልያንን የወጋ ፈረስ የሞስኮን ወሬ ሲያዳምጥ ዋለ። ታኅሣሥ 1953 ደግሞ ያው ቃኘው የወጣበት ክቡር ዘበኛ፣ በአዛዡ በጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ መሪነት፣ በንጉሡ ላይ ተነሣ። ይህን እንኳ ፈረሱ ላይ አናሳብብም።

ከዚያ ደርግ መጣና ከሰሜን ኮሪያ ጋር ወዳጅ ሆነ፤ ኮሪያ ዘምቻለሁ ማለት የማያኮራ ወሬ ሆነ። በ1977 የተመረቀው የትግላችን ሐውልት፣ ያ ጥቁር አንበሳ ሆስፒታል አጠገብ ያለው፣ ሰሜን ኮሪያውያን እጃቸውን ያሳረፉበት ነው። አፍንጮ በር ደግሞ እነሱን ሊወጉ ሄደው ላልተመለሱት መታሰቢያ ቆሟል። ከውጭ የመጣ እንግዳ ሁለቱንም በአንድ ቀን ሳስጎበኝ፣ «ታዲያ እናንተ ከየትኛው ወገን ነበራችሁ?» ይለኛል። ቡና እንጠጣ እለዋለሁ።