የካሜራ ሒሳብ

ደቡብ ኦሞ። መኪናው ሙርሲ መንደር ገብቶ ሳይቆም ድርድሩ ተጀምሯል። የሚከፈለው በፎቶ ቁጥር ነው፤ ካሜራው ቀጭ ባለ ቁጥር ሴትየዋ በጣቷ ትቆጥራለች። ቶሎ የሚመረጠው ለየት ያለው ሰው ነውና በአዘቦት ቀን የማይደረገው ሁሉ ጭንቅላት ላይ ይወጣል፤ የከርከሮ ጥርስ፣ የከብት ቀንድ፣ የዱር ፍሬ። ያው ፎቶ ከተማ ሲገባ «ያልተበረዘ ባህል» ተብሎ ይሰቀላል።

ገንዘብ አበላሻቸው የሚሉ አሉ። እኔ አይመስለኝም። ሾፌሩ፣ አስጎብኚው፣ ድሮን አብራሪው ሁሉ አበል በሚቀበልበት ሥራ ላይ ባለ መልኳ ብቻ በነጻ ትቁም ማለት ምን የሚሉት ጨዋነት ነው?

*

እ.ኤ.አ. በ1922 የወጣው «ናኑክ ኦቭ ዘ ኖርዝ» የዶክመንተሪ በኩር ይባላል። ናኑክ የተባለው ሰው እውነተኛ ስሙ አላካሪያላክ ነው። ዳይሬክተሩ ሮበርት ፍላኸርቲ የበረዶ ቤቱን አንድ ጎን ክፍት አስደረገ፤ የዚያን ጊዜ ካሜራ ጨለማ ውስጥ አያይማ። ቤተሰቡም ብርዱ እየገባበት የተኛ መሰለ። ይህን እንኳ ለብርሃን ሲባል ነው ብለን እንለፈው። ጠመንጃ የለመደን አዳኝ ጦር ማስያዝ ግን ሌላ ነው፤ ሰውን ከገዛ ዘመኑ ማስወጣት ነው።

ሙርሲው ኦሊሳራሊ ኦሊቡይ ከቤን ያንግ ጋር በ2009 «ሹቲንግ ዊዝ ሙርሲ»ን ሲሠራ ክላሹን አልደበቀም። ለምን ይደብቃል?

*

በ1966 ሶል ዎርዝና ጆን አዴር አሪዞና ውስጥ ናቫሆዎችን ፊልም ሥራ ሊያስተምሩ ሄዱ። አንድ ሽማግሌ፣ ነገሩ በጎቹን ይጎዳል ወይ ብለው ጠየቁ። አይጎዳም ተባሉ። ይጠቅማቸዋል ወይ? እሱም የለም። ታዲያ ለምን ይሠራል አሉ። የፊልም በጀት የሚያጸድቅ ቦርድ እንዲህ ጠንከር ያለ ጥያቄ ሲያነሳ አልሰማሁም።

*

ቦሮሉላ፣ ሰሜን አውስትራሊያ። «ቱ ሎውስ» (1981) ሲቀረጽ ሰፊውን ሌንስ የመረጡት ባለ አገሮቹ ናቸው። ተናጋሪው ከወገኑ ተነጥሎ እንዳይታይ።

*

ካናዳዊው ኢኑዊት ዳይሬክተር ዛካሪያስ ኩኑክ «አታናርጁዋት»ን (ልብ ወለድ ነው፤ ለነገሩ ግን ያው ነው) አስቀድሞ ያሳየው ኢግሉሊክ፣ እዚያው የተሠራበት ሰፈር ነው። ካን ሄዶ የካሜራ ዶር ሽልማት የወሰደው ከዚያ በኋላ፣ በ2001። የእኛዎቹ ፌስቲቫል አሳዳጆች መጀመሪያ ቪዛውን ነው የሚጠይቁት።

*

የፈቃድ ቅጽ። አስተርጓሚው ፀሐይ ላይ ቆሟል፤ ቡድኑ ብርሃኑ ሳያልፍ መቅረጽ ይፈልጋል። ሙሉ ገጹ «ሊያነሱሽ ነው፣ እሺ በይ» ሆኖ ከሐመሯ ሴት ጆሮ ይደርሳል። ወረቀቱ ላይ የሰፈረው ግን ምስሉን በመላው ዓለም፣ ወደፊት በሚፈጠር ማናቸውም መንገድ፣ ለዘለዓለም ማሳየት ይቻላል የሚል ነው። አውራ ጣቷ ቀለም ይነካል፣ ይታተማል። ቅጹ ማኅደር ውስጥ ገብቶ ይቆለፋል፤ ቅጂ ይሰጣት ያለ የለም፤ የሚደወልበት ስልክም አልተጻፈበትም።