የዴርዴቪል ሁለተኛ ሲዝንና የግሮቶ ቀብር

ወገኖቼ፣ ስለ ተከታታይ ፊልም መጻፌ ለአንዳንዶቻችሁ እንግዳ ይሆን ይሆናል። ግን በኅብረታችን ካሉት ወጣቶች ዴርዴቪልን ያላየው ጥቂቱ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2016 በኔትፍሊክስ የወጣው ሁለተኛው ሲዝን ደግሞ እስከ ዛሬ ያከራክራል።

ማት መርዶክ ዓይነ ስውር ጠበቃና ካቶሊክ ነው። ማታ ማታ ጭምብል አጥልቆ በኒው ዮርክ ሄልስ ኪችን ወንጀለኞችን ይደበድባል፤ አይገድልም። በዚህ ሲዝን ግን ሚስቱንና ሁለት ልጆቹን በወንበዴዎች ተኩስ ያጣው የቀድሞ ወታደር ፍራንክ ካስል መጣ። እሱ ይገድላል።

የመጀመሪያዎቹ አራት ክፍሎች ድንቅ ናቸው። ሦስተኛው ላይ ፍራንክ ማትን በሰንሰለት ጣሪያ ላይ አስሮ፣ ሽጉጥ ከእጁ ጋር በፕላስተር አጣብቆ ይሟገተዋል። አንተ የምትጥላቸው ተነሥተው ይመለሳሉ፣ እኔ የምጥላቸው ግን አይነሡም ነው ነገሩ። ማት ሰው ሊለወጥ ይችላል ይላል። ፍራንክ በመጨረሻ ግሮቶ የሚባለውን ተራ ወንበዴ ዓይኑ እያየ ገደለው።

ከዚያ በኋላ ኤሌክትራና “እጅ” የተባለው የኒንጃዎች ማኅበር መጡ፣ ተመልካቹም ለሁለት ተከፈለ። ኤሎዲ ያንግ ጥሩ ተጫውታለች፤ እኔ ግን ከተከፉት ወገን ነኝ። የፍራንክ የፍርድ ቤት ጉዳይ የሲዝኑ ልብ መሆን ሲገባው፣ ማት ኤሌክትራን ሲከተል ጓደኛው ፎጊ ብቻውን ቀረ። ጥልቁ ጉድጓድም ለምን እንደተቆፈረ ሳይነገረን 13ኛው ክፍል አለቀ። ከሁሉ የባሰው ግን ሙታን በምሥጢር ሥርዓት መነሣታቸው ነው። መግደል ይገባል ወይ ብሎ የጠየቀ ታሪክ ሞትን ሲያረክሰው ጥያቄውም አብሮ ይረክሳል።

ቅዳሜ ከጥናት በኋላ ስንከራከር፣ ወንድሙ በሰው እጅ የተገደለበት አንድ ወንድም “ፍራንክ ልክ ነው። የወንድሜ ገዳይ ሻይ ሲጠጣ እያየሁ ነው የማልፈው” አለ። ቤቱ ጸጥ አለ።

ጳውሎስ የሮሜ ሰዎችን በቀሉን ለእግዚአብሔር እንዲተዉ ሲነግራቸው፣ ወዲያው ሰይፍ ስለያዘው ባለ ሥልጣን መናገሩን አነሣሁ። ፍትሕ ይቅር አላለም። የማት መልስ የሚያንሰኝም ለዚህ ነው። ሰው ይለወጣል ይላል፤ የፈሰሰውን ደም ማን እንደሚከፍለው ግን አይናገርም። እኛ ስለ መስቀሉ ስናወራ ደሙ ቀላል ነበር ማለታችን አይደለም። ወንድማችን አንገቱን ነቀነቀ፤ መስማማቱ ይሁን መድከሙ አልገባኝም።

አራተኛው ክፍል ላይ ግን አባ ላንተም የግሮቶን ቀብር ሲያስፈጽሙ አስታውሱ። የመጣው ሰው በጣት የሚቆጠር ነው፣ ሟቹም ሰው የገደለ። እንዲያም ሆኖ እንደ ሰው ቀበሩት።

ደም የበዛበት ነውና ልጆች ባሉበት አትክፈቱት፤ በተለይ ዘጠነኛውን ክፍል። ያ ወንድም ባለፈው ሳምንት ደውሎ አራተኛውን እንደገና እንዳየው ነገረኝ። ስለ ወንድሙ ገዳይ ገና አላወራንም።